ድንጋዩን ተከተሉ፦ በፊንላንድ ስለ አንዲት ቀራጺ አጭር ዘጋቢ ፊልም ስሠራ ያየሁት

ስለ ሠዓሊ ወይም ስለ ቀራጺ ፊልም ሲሠራ ብዙ ጊዜ የሚሆነው ይኼ ነው። ባለሙያው ወንበር ላይ ይቀመጣል። ስለ ልጅነቱ ያወራል። መሃል መሃል ላይ እጁን ያሳዩናል፣ ሙዚቃ ይገባል፣ ከዚያ ወደ ወንበሩ እንመለሳለን። አይተን ስንጨርስ ሰውየው ያለውን ሁሉ ሰምተናል። አንድ ሥራ ከእጁ እንዴት እንደሚወጣ ግን አላየንም።

የምኖረው ሄልሲንኪ ነው። በዕድሜ ጠና ስላሉ አንዲት ፊንላንዳዊት ቀራጺ 12 ደቂቃ የሚሆን ዘጋቢ ፊልም ሠርቻለሁ። የሚጠርቡት ግራናይት ነው። ስማቸውን እዚህ አልጠቅስም፤ ከሥራቸው ውጪ መነሳት አይወዱም። ይህን የምጽፈው ካሜራ ይዛችሁ አንድ ባለሙያ ለመከተል ለምታስቡ ነው፤ አዲስ አበባ ሁኑ፣ ዋሽንግተን ሁኑ፣ ስቶክሆልም ሁኑ። አንድ ነገር አጥብቄ እላለሁ። አንድ ድንጋይ ምረጡና እሱን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ተከተሉ። ሰውየው በድንጋዩ በኩል ይመጣላችኋል።

ካሜራ ከማንሳቴ በፊት ሐውልት ሳይ ነው የከረምኩት። ሄልሲንኪ ለዚህ ትመቻለች። (ዓመቶቹንም ወራቱንም በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።) በ1919 የተከፈተው የባቡር ጣቢያ በር ላይ ግራና ቀኝ መብራት የያዙ ግዙፍ የግራናይት ሰዎች ቆመዋል፤ የኤሚል ቪክስትሮም ሥራ ናቸው። ከኦሎምፒክ ስታዲየሙ ፊት ለፊት ደግሞ የሯጩ የፓቮ ኑርሚ የነሐስ ሐውልት አለ፤ ቬይኖ አልቶነን በ1925 የሠራው። ሁለቱን በአንድ ቀን እዩዋቸው። ኑርሚ በአንድ እግሩ ጣት ላይ ብቻ ነው የቆመው፣ እጁም እግሩም ተዘርግቷል። ነሐስ ይህን ይችላል። የጣቢያው ሰዎች ግን እንደ ግድግዳ ጥቅጥቅ ያሉ ናቸው፤ ክንዳቸው ከደረታቸው አይርቅም። ይህ የቀራጺው ምርጫ ብቻ አይደለም። ከግራናይት ቀጭን ነገር አውጥተህ በአየር ላይ ብትተወው አንድ ቀን ይሰበራል። ይህን ካወቅኩ በኋላ ነው እኚያ ሴት ጉልበቷን አቅፋ የተቀመጠች ልጅ ለምን እንደሚጠርቡ የገባኝ። እጇ፣ ጉልበቷ፣ አገጯ ሁሉም አንድ ላይ ተሰብስቧል። የሚወጣ፣ የሚንጠለጠል ነገር የለም።

ሦስተኛ ያየሁት ሥራ ኤይላ ሂልቱነን ለሙዚቃ ደራሲው ለሲቤሊየስ የሠሩት መታሰቢያ ነው። በ1967 ተመረቀ። ከ600 በላይ የብረት ቱቦዎች ተበይደው የቆሙበት፣ 24 ቶን የሚመዝን ሥራ ነው። ሂልቱነን ለዓመታት ብየዳውን በራሳቸው እጅ ሲሠሩ ጭሱ ሳንባቸውን ጎድቶታል። ቱሪስቱ ቱቦዎቹ ሥር ፎቶ ተነስቶ ይሄዳል። እኔ ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ አንድ ጥያቄ ያዘኝ፦ ይህ ሥራ ከሠሪው አካል ምን ይወስዳል? ወደ ቀራጺዋ የሄድኩት ይህን አንድ ጥያቄ ይዤ ነው። ለ12 ደቂቃ ፊልም አንድ ጥያቄ ይበቃል። ሁለተኛ ካለህ ለሌላ ፊልም አስቀምጠው።

ስለ ድንጋዩም ትንሽ ልበል፣ ምክንያቱም ሳታውቁት ካነሳችሁት የትኛው ቅጽበት ትልቅ እንደሆነ አይገባችሁም። ሄልሲንኪ መሃል ከተማ ውስጥ ከአለት ተፈልፍሎ የተሠራ ቤተ ክርስቲያን አለ፤ ቴምፔሊአውኪዮ ይባላል፣ በ1969 ነው የተመረቀው። የአበሻ እንግዳ ሲመጣብኝ መጀመሪያ የምወስደው እዚያ ነው፤ ሁሉም ላሊበላን ያነሳል። ድንጋዩ ግን ሌላ ነው። የላሊበላ አለት ከእሳተ ገሞራ የመጣ፣ ለመሮ የሚበገር ነው። ግራናይት ላይ ተራ የብረት መሮ ቶሎ ይዶለዱማል። ዛሬ ጫፉ ላይ በጣም ጠንካራ ቅይጥ የተበየደበት መሮ፣ በአየር ግፊት የሚሠራ መዶሻና የአልማዝ ምላጭ ያለው ግራይንደር ነው የሚጠቀሙት። አንድ ሜትር ኩብ ግራናይት 2,700 ኪሎ ያህል ይመዝናል። ፊንላንዶች ከዚህ ድንጋይ ጋር ኖረዋል። ፓርላማቸው በቀይ ግራናይት ተለብጧል። ሴንት ፒተርስበርግ ቤተ መንግሥት አደባባይ ላይ የቆመው የአሌክሳንደር ዓምድ፣ ያ 600 ቶን የሚጠጋ አንድ ወጥ ድንጋይ፣ የተቆረጠው ከፊንላንድ ደቡብ ምሥራቅ ጠረፍ ከቪሮላህቲ ነው።

መጀመሪያ ላይ ካሜራ ሳልይዝ ነው የሄድኩት። መጥረጊያ አንስቼ ግቢውን ጠረግኩ፣ ውኃ አመላለስኩ፣ ቡና ተጠራሁ። ፊንላንድ ውስጥ ትልቅም ትንሽም በስሙ ነው የሚጠራው፤ እኔም እንደ ሰዉ በስማቸው ጠራኋቸው። በሆዴ ግን እትዬ እያልኩ ነበር፤ በአማርኛ ሳስብ አንቺ ማለት አልወጣልኝም። ይህ ያለ ካሜራ የሚጠፋ የሚመስል ጊዜ ሁለት ነገር ይሰጣል። እሳቸው እናንተን ይለምዳሉ። እናንተ ደግሞ የሥራውን ቅደም ተከተል ትማራላችሁ፣ ስለዚህ ቀጥሎ የሚመጣውን ቀድማችሁ ታውቃላችሁ። ዘጋቢ ፊልም አንሺ ዘግይቶ ከደረሰ ያ ነገር ዳግም አይገኝም፤ ድንጋይ ሁለተኛ አይሰነጠቅም። «እስቲ እንደገና ያድርጉልኝ» የሚባል ነገር የለም።

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ። ድንጋዩ የሚከፈልበት ቀን።

ትልቁ ድንጋይ ሲመጣ ከሚፈለገው በላይ ነው። ትርፉ በሽብልቅ ይለያል። በመሰርሰሪያ በአንድ መስመር ቀዳዳዎች ይበሳሉ። በየቀዳዳው ሁለት ቀጫጭን ብረቶች ይገባሉ፣ በሁለቱ መሃል ሽብልቅ። ከዚያ መዶሻ አንስተው ከዳር እስከ ዳር እየተመላለሱ እያንዳንዱን ሽብልቅ ትንሽ ትንሽ ይመቱታል። አንዱን ብቻ አጥብቆ መምታት አይቻልም፤ ስንጥቁ መስመሩን ይስታል። ግራናይት ደግሞ በቀላሉ የሚከፈልበት አቅጣጫና እምቢ የሚልበት አቅጣጫ አለው። አዋቂ ሰው ያንን ፊቱን አይቶ ይለያል።

እኔ ይህን ቀን ለዓይን የሚሆን ትዕይንት አድርጌ ነበር የጠበቅኩት። የጆሮ ቀን ነበር። የመጀመሪያዎቹ ምቶች ድምፃቸው ደነዝ ያለ ነው። ሽብልቁ እየጠበቀ ሲሄድ ድምፁ ይቀጥናል፣ ከፍ ይላል። ቀራጺዋ ክራር እንደሚቃኝ ሰው ጎንበስ ብለው ያዳምጣሉ። አንዱ ሽብልቅ ከጎረቤቶቹ ዝቅ ያለ ድምፅ ካሰማ እሱን ይጨምሩለታል። ሁሉም አንድ ዓይነት ድምፅ ሲሰጡ መዶሻውን መሬት ላይ አስቀመጡና ቆሙ። ምንም አይሠሩም። እኔንም በእጃቸው ዝም እንድል ጠቆሙኝ። ከድንጋዩ ውስጥ ጥቃቅን ጠጥ ጠጥ የሚል ድምፅ መምጣት ጀመረ። ቆየ። ደግሞ ጠጥ። ከዚያ አንድ ተጨማሪ ዙር መቱ፣ መስመሩ ላይ የፀጉር ያህል ስንጥቅ ታየ፣ ድንጋዩ ለሁለት ተከፈለ። እንደ ፍንዳታ የሚጠብቅ ሰው ካለ አይደለም። በጣም ዝቅ ያለ፣ ወፍራም ድምፅ ነው።

ይህን ለመቅዳት ያደረግኩትን ልንገራችሁ። ካሜራውን በትሪፖድ ላይ ተክዬ አልነካሁትም። ፍሬሙ ውስጥ የሽብልቆቹ መስመር፣ የእሳቸው እጅና ጫማ አለ፤ ፊታቸው የሚገባው ሲያጎነብሱ ብቻ ነው። ከመጀመሪያው ምት እስከ መጨረሻው አላቋረጥኩም። ባትሪውም የማስታወሻ ካርዱም ለረጅም ቀረጻ እንዲበቃ ቀድሜ አዲስ አደረግኩ። ድምፁን በሁለት መንገድ ቀዳሁ። አንደኛው ከድንጋዩ ክንድ ያህል ራቅ ብሎ የቆመ ማይክ ነው። ሁለተኛው ድንጋዩ ላይ የሚለጠፍ፣ ከአየር ይልቅ ንዝረት የሚሰማ ትንሽ ማይክ። ዋጋው ርካሽ ነው፤ መጠኑም ከአንድ ሳንቲም ብዙ አይበልጥም። በቴፕ ይለጠፋል። ያ ጠጥ ጠጥ የሚለው ድምፅ በመጀመሪያው ማይክ ላይ አለ ማለት ይከብዳል። በሁለተኛው ላይ ግን ክፍሉን ይሞላል። ከፊልሙ ሁሉ ተመልካች የሚያነሳልኝ ያንን ክፍል ነው።

የልብስ ማይክ ግን ለዚህ ሥራ አልመከርም። የቆዳ ሽርጥ ላይ ሲታሰር ኮሽታው ንግግሩን ይበላዋል። የግራይንደሩን ድምፅ ስትቀዱ ደግሞ መጠኑን በጣም ዝቅ አድርጉ፣ ከ100 ዴሲቤል በላይ ይጮኻል። ጆሯችሁንም ሸፍኑ። የሥራ ቦታውን ባዶ ድምፅ ለብቻው አንድ ደቂቃ ያህል መቅዳት አትርሱ፤ ኤዲቲንግ ላይ ክፍተት የሚሸፈነው በእሱ ነው።

ስለ ብርሃን። ፊንላንድ ክረምት ላይ ጨለማ ነው ተብሎ ሰው ይፈራል። በታኅሣሥ መጨረሻ ሄልሲንኪ ላይ ቀኑ ከ6 ሰዓት ያነሰ ነው። ለድንጋይ ግን ያ ወቅት ስጦታ ነው፣ ምክንያቱም ፀሐይዋ እኩለ ቀን ላይ እንኳ ከአድማስ ብዙ ከፍ አትልም። ቀኑን ሙሉ ከጎን ትመጣለች። ከጎን የሚመጣ ብርሃን በድንጋይ ላይ እያንዳንዱን የመሮ ጭረት ያወጣዋል። በሰኔ መጨረሻ ቀኑ ወደ 19 ሰዓት ይጠጋል፤ እኩለ ቀን ላይ ያነሳሁት ሁሉ ጠፍጣፋ ሆነ፣ ቆንጆዎቹ የመጡት ከምሽቱ ሦስት ሰዓት በኋላ ነው። ቤት ውስጥ ሲሠሩ ቀራጺዋ ራሳቸው አንዲት መብራት መሬት ላይ አድርገው ወደ ላይ ያበሩባታል፣ ጉብታና ጎድጓዳው እንዲታያቸው። እኔ ሌላ መብራት አላመጣሁም። የእሳቸው የሥራ መብራት የእኔም መብራት ሆነች። የባለሙያውን መብራት ሳትነኩ ስታነሱ ተመልካቹ የሚያየው ባለሙያው የሚያየውን ነው።

አውሮፓም ሆነ ኢትዮጵያ መብራቱ 50 ኸርትዝ ስለሆነ ካሜራችሁን በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ሸተሩን (እያንዳንዱ ፍሬም ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ) 1/50 ሰከንድ ላይ አድርጉት፤ አለዚያ አንዳንድ አምፖል በምስሉ ላይ ይርገበገባል። አሜሪካ ያላችሁ 1/60 ተጠቀሙ። ብርድ ላይ ባትሪ ቶሎ ይደክማል፤ ተለዋጩን ደረት ኪሳችሁ ውስጥ ያዙት። ከውጭ ብርድ ወደ ሙቅ ቤት ስትገቡ ደግሞ ካሜራውን በር ላይ ሳላችሁ በፌስታል ጠቅልላችሁ እሰሩት። እርጥበቱ ፌስታሉ ላይ ያርፋል፣ ሌንሱ ይተርፋል።

ከሁሉም በላይ ግን አቧራው። ግራናይት ውስጥ ኳርትዝ አለ፣ ሲፈጭ የሚወጣው ደቃቅ አቧራ ሳንባ ውስጥ ገብቶ አይወጣም። ሲሊኮሲስ የሚባለው የሳንባ በሽታ የሚመጣው ከዚህ ነው፣ መድኃኒትም የለውም። ቀራጺዋ ሁልጊዜ ጥሩ ማስክ ያደርጋሉ፤ በሚቻልበት ቦታ ሁሉ ውኃ እያፈሰሱ ነው የሚቆርጡት። በወጣትነታቸው ግን ይህን ያህል የሚጠነቀቅ እንዳልነበረ ነገሩኝ። እናንተም ያለ ማስክ አትግቡ። የቀዶ ጥገናው ሰማያዊ ማስክ ለዚህ አይሆንም፤ ኤፍ ኤፍ ፒ 3 የተባለውን ፈልጉ። ልብሳችሁን ውጭ አራግፉ፣ ቤት ልጅ ካለ በተለይ። ለካሜራው ሌንስ ፊት የመከላከያ መስታወት ግዙለት፤ እዚያ ቦታ ላይ ሌንስ መቀያየርም አያስፈልግም። አገር ቤት ድንጋይ በመጥረብ የሚተዳደሩ ወጣቶች ሻሽ ብቻ አፋቸው ላይ አስረው ሲሠሩ አይቻለሁ። ይህን የሚያነብ ሰው እንዲህ ዓይነት ሠራተኛ ካወቀ፣ ፊልሙ ቢቀር እንኳ ስለ ማስኩ ይንገረው።

ወደ ጥያቄዬ ልመለስ። ሥራው ከአካላቸው ምን እንደወሰደ በቀጥታ ጠይቄያቸው ነበር። ዝም አሉ። ፊንላንዶች ከመመለሳቸው በፊት ረጅም ዝም ይላሉ፤ እኛ አገር ያን ያህል ዝምታ ቅያሜ ይመስላል፣ ሰው ቶሎ ሌላ ወሬ ያመጣል። ያኔ አፌን ይዤ ቆየሁ። ካሜራው እየቀዳ ነው። ብዙ ከቆዩ በኋላ ቀኝ እጃቸውን ዘርግተው ጣቶቻቸውን አሳዩኝ። ከመዶሻው ንዝረት የተነሳ ብርድ ሲሆን ሁለቱ ጣቶች ነጭ ይሆናሉ፣ ይደነዝዛሉ። ከዚያ ግራ እጃቸውን ድንጋዩ ላይ አሳረፉና፣ አሁን ልስላሴውን የሚያውቁት በዚህ እንደሆነ ነገሩኝ። ይህ የጣት መንጣት በንዝረት መሣሪያ ለዓመታት የሠራ ሰው ላይ የሚታወቅ ጉዳት ነው። የጣቶቹን መንጣት በቃል ብቻ ቢነግሩኝ ኖሮ ፊልሙ ውስጥ ይህን ያህል ቦታ አይኖረውም ነበር።

ቃለ መጠይቅ አታድርጉ ማለቴ አይደለም። ግን ሰዓቱን ምረጡ። ጥሩው ጊዜ ቡና ሰዓት ነው። ፊንላንዶች በነፍስ ወከፍ ብዙ ቡና ከሚጠጡ የዓለም ሕዝቦች ቀዳሚዎቹ ናቸው፣ የሥራ ቀናቸውም በቡና እረፍት የተከፋፈለ ነው። ማስኩ ይወርዳል፣ የጆሮ መሸፈኛው ይወልቃል፣ እጅ ስኒ ይይዛል። ስለ ሕይወት ስለ ጥበብ አትጠይቁ። «ዛሬ ጠዋት እዚህ ጋ ለምን አቆሙ?» ብላችሁ ጠይቁ። እኔ እንዲህ ስጠይቃቸው የልጅቷ አንገት ላይ ጠቆር ያለ ጅማት እንዳገኙና አገጯን ትንሽ ዝቅ ለማድረግ እያሰቡ እንደሆነ ነገሩኝ። ውኃ አፍስሰውበትም አሳዩኝ፤ ግራናይት ሲረጥብ ከተወለወለ በኋላ የሚኖረውን ቀለም ያሳያል። ከአንድ ትንሽ ጥያቄ አንድ ሙሉ ትዕይንት ወጣ።

ኤዲቲንጉ ላይ ቅደም ተከተሉን አልበታተንኩም። ድንጋዩ ይከፈላል፣ ይጠረባል፣ ጥርስ ባለው መዶሻ ይደቀደቃል፣ ከሻካራ ወደ ለስላሳ እየተቀያየረ በአልማዝ ንጣፍና በውኃ ይወለወላል። ሙዚቃም አልጨመርኩም። ውልወላው ብዙ ቀን ይወስዳል፣ ፊልሙ ላይ ግን አጭር ነው፤ ደጋግሞ ቢታይ ምንም አይጨምርም። ጊዜውን ለሽብልቆቹ ሰጠሁት። ያልተጠናቀቀውን ፊልም ቀራጺዋን አስቀምጬ አሳየኋቸው። ለውጥ የጠየቁት አንድ ቦታ ብቻ ነው። መዶሻውን አስቀምጠው የሚጠብቁበትን ክፍል አሳጥሬው ነበር። ይርዘም አሉኝ፣ ምክንያቱም ሥራው እዚያ ላይ ነው። አረዘምኩት። ፊልማችሁን ሳትጨርሱ ለባለሙያው አሳዩ። የሚሰጧችሁ አስተያየት ስለ መልካቸው ይሆናል ብላችሁ አትፍሩ፤ ሥራ የሚወድ ሰው ስለ ሥራው ነው የሚያስተካክለው።

ፈቃድን በተመለከተ፣ በወረቀት ይሁን። ቀራጺዋ መቀረጻቸውን ብቻ ሳይሆን ሥራዎቻቸው በፊልሙ መታየታቸውንም ፈቅደው ፈርመዋል፤ ሁለቱ የተለያዩ ናቸው። አደባባይ ላይ የቆመ ሐውልትም ለሁሉም ክፍት አይደለም። በፊንላንድ ሕግ ሕንፃ እንደልብ ማንሳት ይቻላል። አደባባይ ላይ ያለ የጥበብ ሥራ ግን የምስሉ ዋና ጉዳይ ከሆነና ለገቢ ከዋለ ፈቃድ ይጠይቃል። መብቱ ሠሪው ከሞተ 70 ዓመት ይቆያል። ሂልቱነን ያረፉት በ2003 ስለሆነ የሲቤሊየስ መታሰቢያ ገና በጥበቃ ሥር ነው። የፊንላንድ የምስል ጥበብ ባለሙያዎችን መብት የሚያስተዳድረው ኩቫስቶ የሚባል ማኅበር አለ፤ ጥያቄ ካላችሁ ወደዚያ ጻፉ። በሌላ አገር የምትሠሩ የዚያን አገር ሕግ ጠይቁ፣ ከአገር አገር በጣም ይለያያል።

ፊልሙን ስትጨርሱ የግርጌ ጽሑፉን ራሳችሁ ተርጉሙ፣ ከዚያ ቋንቋውን አፍ የፈታ ሰው ያስተካክለው። እኔ በፊንላንድኛ፣ በእንግሊዝኛና በአማርኛ አዘጋጀሁት። አጭር ፊልም ለሚሠራ ሰው እዚህ ሁለት በር አለ፦ በየዓመቱ በብርዱ ወቅት መሃል ሄልሲንኪ ላይ የሚካሄደው የዘጋቢ ፊልም ፌስቲቫል ዶክፖይንት፣ እና በመጋቢት የሚካሄደው፣ ከ1970 ጀምሮ ያለው የታምፔሬ የአጭር ፊልም ፌስቲቫል። የማስገቢያ ቀናቸው ወራት ቀድሞ ስለሚዘጋ ገና ቀረጻ ላይ እያላችሁ ቀኑን አይታችሁ ያዙት።